የነዳጅ ዋጋ ጭማሪ በማን ላይ ያርፋል? የ1966 ዓ.ም. ሁለት አድማዎች

የነዳጅ ቀውስን የሚመረምሩ ጽሑፎች አብዛኛውን ጊዜ የሚነሡት ከአቅርቦቱ ነው። ምን ያህል በርሜል እንደጎደለ፣ ማን እንደከለከለ፣ ዋጋው ስንት እንደደረሰ ይዘረዝራሉ። ይህ ዝርዝር አስፈላጊ ቢሆንም አንድ ጥያቄ ሳይመለስ ያልፋል፤ የዓለም ዋጋ ከናረ በኋላ ጭማሪው በአገር ውስጥ በየትኛው የኅብረተሰብ ክፍል ላይ እንዲያርፍ የሚወሰነው እንዴት ነው? የዚህ ጽሑፍ መከራከሪያ፣ የዋጋ ንረት ወደ ፖለቲካ ቀውስ የሚለወጠው በዚህ ሁለተኛ ውሳኔ ላይ ነው የሚል ነው። ለማሳየትም በአንድ ወር ውስጥ በሁለት እጅግ በተራራቁ አገሮች የተነሡ ሁለት አድማዎችን ያነጻጽራል።

የጋራ መነሻቸው ይታወቃል። እ.ኤ.አ. በጥቅምት 1973 የአረብና የእስራኤል ጦርነት በተፋፋመበት ሳምንት የአረብ ነዳጅ አምራች አገሮች ምርታቸውን በየወሩ ለመቀነስ ወሰኑ፤ ቀጥሎም ወደ አሜሪካና ወደ ኔዘርላንድስ የሚላከውን ነዳጅ አገዱ። በጥቅምት ወር መግቢያ 3 ዶላር ገደማ የነበረው የአንድ በርሜል ይፋ ዋጋ እ.ኤ.አ. ከጥር 1 ቀን 1974 ጀምሮ 11.65 ዶላር ሆነ። እገዳው በስም ሁለት ሦስት አገሮችን ያነጣጠረ ይሁን እንጂ፣ ኩባንያዎቹ ያላቸውን ነዳጅ በገዢዎች መካከል ስላሸጋሸጉት ጉድለቱ ለሁሉም ተዳረሰ። ዋጋውም እንዲሁ፤ በጦርነቱም በእገዳውም ስሟ ያልተነሣው ኢትዮጵያ ሳትቀር ከፈለችው።

በአሜሪካ የዋጋ ቁጥጥር ቀድሞም ነበር። ፕሬዚዳንት ኒክሰን እ.ኤ.አ. በነሐሴ 1971 ዋጋና ደመወዝ ባሉበት እንዲቆዩ ካዘዙ ወዲህ የነዳጅ ዋጋ በገበያ ብቻ የሚወሰን አልነበረም። እ.ኤ.አ. በኅዳር 1973 የወጣው የአስቸኳይ የነዳጅ ድልድል ሕግ ደግሞ እያንዳንዱ አከፋፋይ የሚያገኘውን መጠን በ1972 ሽያጭ ላይ እንዲመሠረት አደረገ። ሰዉ ግን የጉዞ ልማዱን ቀይሮ ስለነበር ነዳጁና ፈላጊው ተላለፉ። በማደያዎች ደጃፍ የታየው ረጅም ሰልፍ፣ በብዙ ሰው ትውስታ የእገዳው ምስል ሆኖ ቢቀርም፣ በከፊል የዚህ ድልድል ውጤት ነው። ሸማቹ በገንዘብ ያልከፈለውን በሰዓት ከፈለ።

ሰዓቱን መሸጥ የማይችል ሰው ግን ነበር፤ የራሱን ከባድ መኪና የሚነዳው ጭነት አጓጓዥ። የናፍጣ ዋጋ ሲወጣበት የጭነት ታሪፉ በፌዴራል ተቆጣጣሪ አካል የተወሰነ ስለነበር ጭማሪውን ወደ ደንበኛው ማሸጋገር አይችልም። እነዚህ አጓጓዦች እ.ኤ.አ. በታኅሣሥ 1973 አውራ ጎዳናዎችን ዘጉ፤ በጥር 1974 መጨረሻም አድማ መቱ። ግጭት ተከተለ፤ በበርካታ ክፍላተ ግዛት ብሔራዊ ዘብ ተጠራ። አድማው በየካቲት የበረደው መንግሥት ተጨማሪ የናፍጣ ድልድል ሲሰጥና በታሪፉ ላይ 6 በመቶ ማካካሻ እንዲጫን ሲፈቀድ ነው። የዋጋው ሸክም ከሾፌሩ ወደ ጭነቱ ባለቤት፣ ከዚያም ወደ ሸማቹ ተሸጋገረ ማለት ነው።

በዚያው ወር አዲስ አበባ ላይ የተነሣው ጥያቄ በባሕርዩ ተመሳሳይ ነበር። በወቅቱ የኢትዮጵያ የኃይል ፍጆታ እጅግ አብዛኛው እንጨትና ከሰል፣ ኩበትም ነበር። የከተሞች ኤሌክትሪክም ቢሆን በዋነኛነት ከቆቃና ከአዋሽ ተፋሰስ ግድቦች ይገኝ ነበር። ድፍድፍ ነዳጅ ከውጭ እየመጣ በአሰብ ማጣሪያ ይጣራል፤ ከአጠቃላዩ ፍጆታ ያለው ድርሻም አነስተኛ ነው። በስታቲስቲክስ ሠንጠረዥ ብቻ ለሚመለከት ተመራማሪ ይህች አገር ለነዳጅ ዋጋ እምብዛም የማትጋለጥ ትመስለዋለች። ዳሩ ግን ያ አነስተኛ ድርሻ የተከማቸው በትራንስፖርት፣ ትራንስፖርቱም በከተማ፣ ከተማውም የመንግሥት ሠራተኛው፣ ተማሪውና ወታደሩ በሚኖርበት ቦታ ነበር።

በየካቲት ወር 1966 ዓ.ም. የቤንዚን ዋጋ 50 በመቶ ያህል እንዲጨምር ተደረገ። ባለታክሲዎች ይህንን ወጪ በታሪፍ ጭማሪ ለማካካስ የሚያስችል ፈቃድ አልነበራቸውም። የካቲት 11 ቀን ሥራ አቆሙ። በዚያው ዕለት መምህራንም የደመወዝ ጥያቄና የትምህርት ዘርፍ ጥናቱን ተቃውሞ ይዘው አድማ መቱ፤ ተማሪዎች ተቀላቀሉ፤ አውቶቡሶች በድንጋይ ተደበደቡ። መንግሥት በሳምንቱ መጨረሻ የቤንዚኑን ዋጋ በከፊል ቀነሰ፤ የትምህርት ዘርፍ ጥናቱ እንዲዘገይ ተደረገ፤ ለወታደሮችም የደመወዝ ጭማሪ ተፈቀደ። የካቲት 20 ቀን የጠቅላይ ሚኒስትር አክሊሉ ሀብተ ወልድ ካቢኔ ሥራውን ለቀቀ።

ከዚህ ተነሥቶ አብዮቱን ነዳጅ ወለደው ማለት ስሕተት ይሆናል። የመሬት ጥያቄው ዓመታትን ያስቆጠረ ነው፤ የወሎ ረኀብ በዚያው ጊዜ ይፋ ወጥቷል፤ የነገሌ ቦረና ወታደሮችም በምግብና በውኃ ችግር ያመፁት የታክሲው አድማ ከመነሣቱ ከአንድ ወር በፊት በጥር ወር ነው። የነዳጁ ዋጋ ያደረገው፣ የየራሳቸው ቅሬታ የነበራቸውን ወገኖች በአንድ ቀንና በአንድ ከተማ ማገናኘት ነው። ከዋጋው ጭማሪ ይልቅ ለመንግሥት የከበደውም፣ በእኔ ግምት፣ የወሰነውን በቀናት ውስጥ ማጠፉ ነው። ዋሽንግተን የሰጠችው 6 በመቶ የአንድ ሙያ ጥያቄ መፍትሔ ሆኖ ቀረ። አዲስ አበባ ላይ የተሰጠው ቅናሽ ግን፣ የሚሟገት ማኅበርና የሚያደራድር አካል ባልጠነከረበት ሥርዓት ውስጥ፣ የሚገፋው ካገኘ የሚንቀሳቀስ መንግሥት መኖሩን ለሌሎች አመለከተ።

ከቀውሱ በኋላ የተቋቋሙት ዓለም አቀፍ መፍትሔዎችም ይህንን ልዩነት ያንጸባርቃሉ። እ.ኤ.አ. በኅዳር 1974 የተመሠረተው የዓለም አቀፉ ኢነርጂ ኤጀንሲ አባላቱ የ90 ቀን የተጣራ ገቢ ነዳጅ የሚያህል ክምችት እንዲይዙ ያስገድዳል። ይህ ችግሩን እንደ በርሜል እጥረት ለሚያይ አገር ተገቢ ነው። ለድሃ ነዳጅ አስገቢ አገር ግን ጉድለቱ ከበርሜሉ ይልቅ የውጭ ምንዛሪ ነው፤ ዓለም አቀፉ የገንዘብ ድርጅት በዚያው ዓመት የነዳጅ ብድር መስኮት የከፈተውም በዚሁ ምክንያት ነበር። ብድር ደግሞ ጭማሪውን ወደፊት ያሻግረዋል እንጂ ከፋዩን አይመርጥም።

ኢትዮጵያ በኋለኞቹ ዘመናት ከፋዩን የመምረጡን ሥራ በነዳጅ ዋጋ ማረጋጊያ ፈንድ አማካይነት ስታከናውን ቆይታለች። ፈንዱ የዓለም ዋጋ ሲወርድ እንዲያጠራቅም፣ ሲወጣ እንዲደጉም ታስቦ ቢመሠረትም መውጣቱ ሲበዛበት ራሱ ባለዕዳ ሆነ። በ2014 ዓ.ም. ማብቂያ ድጎማው ደረጃ በደረጃ እንዲነሣ ሲወሰን የሕዝብ ማመላለሻ ተሽከርካሪዎች ብቻ በቴሌብር እየከፈሉ ድጎማውን ማግኘታቸውን ቀጠሉ። የ1966ቱ ውሳኔ በአንድ ጊዜና በሁሉም ላይ የወደቀ ሲሆን ይህኛው በየጊዜውና እየለየ ነው። መለየቱ ግን የራሱን ገበያ ይፈጥራል፤ በአንድ ማደያ ለአንዱ ርካሽ፣ ለሌላው ውድ የሆነ ቤንዚን ከርካሹ ወደ ውዱ የሚሄድበት መንገድ አያጣም። ስለዚህ የድጎማውን ውጤት ለመመዘን የሚነሣ ጥናት ከተሰጠው ሊትር ይልቅ ተሳፋሪው የከፈለውን ታሪፍ መቁጠር ይኖርበታል፤ ድጎማው ለተሳፋሪው መድረሱ የሚታወቀው በዚያ ነውና።