ተጨማሪ መረጃ፦ የዘላቂ አካል ጉዳት ካሣ እንዴት ይሰላል?

ከእንጦጦ ተራራ የባሕር ዛፍ እንጨት ተሸክማ ወደ ፈረንሳይ ለጋሲዮን ሰፈር ስትወርድ መኪና የገጫትና እግሯ ዳግመኛ የማይጸና የሆነባት የ40 ዓመት ሴት በምሳሌነት ትቅረብልን። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ በአንቀጽ 2081፣ ጥፋቱ የተጎጂዋ ካልሆነ በቀር፣ ባለመኪናው ሳያጠፋም ኃላፊ እንዲሆን ስለሚደነግግ፣ ዋናው ክርክር በካሣው ልክ ላይ ያርፋል።

የሐኪሞች ቦርድ ጉዳቱን 40 ከመቶ ቢለው፣ የወር ገቢዋም 3,000 ብር ቢሆን፣ በዓመት 14,400 ብር ይጎድልባታል፤ እስከ 60 ዓመቷ ትሠራ ነበር ቢባል የ20 ዓመቱ ድምር 288,000 ብር ይደርሳል። ነገር ግን እንጀራዋ በእግሯና በጀርባዋ የቆመ ነውና፣ ተቀምጦ ለሚጽፍ ሰው 40 ከመቶ የሆነው ጉዳት ለእርሷ የሥራዋ ፍጻሜ ሊሆን ይችላል፤ ስለዚህም የጉዳቱ ልክ በትክክል ሊታወቅ ባልቻለ ጊዜ ዳኛው በአንቀጽ 2102 መሠረት ካሣውን በርትዕ ይቈርጣል።

ስለ ሕሊና ጉዳት የሚሰጠው ካሣ ግን በአንቀጽ 2116 ከ1,000 ብር እንዳይበልጥ የተወሰነ በመሆኑ፣ የተጎጂ ተስፋ ሁሉ የሚያርፈው የሕክምና ወጪዋንና ገቢዋን በደረሰኝና በምስክር በማስረዳቷ ላይ ነው።