ተጨማሪ መረጃ፦ ዳግ ኒኮልስ፣ ከኳስ ሜዳ እስከ መድረክ

ሰር ዳግ ኒኮልስ (1906–1988 እ.ኤ.አ.) በአውስትራሊያ፣ ኒው ሳውዝ ዌልስ፣ በከመራጉንጃ የተወለዱ አቦርጂናል (የአገሪቱ ነባር ሕዝብ ተወላጅ) ነበሩ። ቁመታቸው አጭር፣ ሩጫቸው ግን እጅግ ፈጣን ነበር፤ ከ1932 እስከ 1937 በአውስትራሊያ እግር ኳስ ለፊትዝሮይ ክለብ 54 ጊዜ ተሰልፈዋል። ከዚያ በፊት በሞከሩበት ክለብ፣ ጥቁር በመሆናቸው ወጌሻው ሰውነታቸውን ለማሸት እምቢ ብሏል።

ኋላም ፓስተርና የመብት ተሟጋች ሆኑ። በ1951 አውስትራሊያ በፌዴሬሽን የተመሠረተችበት 50ኛ ዓመት ሲከበር፣ የሜልቦርኑ በዓል አቦርጂናሎችን ዘነጋ። ኒኮልስና የመብት ተሟጋቹ ቢል ኦነስ ይህን ተቃውመው በፕሪንሰስ ቲያትር የአቦርጂናሎች ትርዒት እንዲቀርብ አደረጉ፤ ድምፃውያኑ ሃሮልድ ብሌርና ጆርጂያ ሊ ተሳትፈውበታል። ነባሩ ሕዝብ በከተማዋ ትልቅ መድረክ ላይ ስለ ራሱ በራሱ አንደበት ተናገረ።

ኒኮልስ በ1972 የሰርነት ማዕረግ በማግኘት የመጀመሪያው አቦርጂናል ሲሆኑ፣ በ1976 የደቡብ አውስትራሊያ አገረ ገዥ ሆነው ተሾመዋል።