ከካሜራው ፊትም ከካሜራው ኋላም፦ ኦሊሳራሊ ኦሊቡይ እና የሙርሲ ፊልም

ኦሊሳራሊ ኦሊቡይ በደቡብ ኦሞ ዞን፣ በኦሞና በማጎ ወንዞች መካከል ከብት እያረባና ማሽላ እያመረተ ከሚኖረው የሙርሲ ማኅበረሰብ የተገኘ ፊልም ሠሪ ሲሆን፣ ይበልጥ የሚታወቀው ከቤን ያንግ ጋር ባዘጋጀውና እ.ኤ.አ. በ2009 በወጣው «ሹቲንግ ዊዝ ሙርሲ» በተሰኘው ዘጋቢ ፊልም ነው። በዚህ ሥራ ኦሊሳራሊ ካሜራውን ራሱ ይዞ የወገኖቹን ኑሮ ይቀርጻል፤ ክላሽንኮቩን እንደያዘም በምስሉ ውስጥ ይታያል። ይህ ግን ተዋናይ እንደሚያደርገው የሌላን ሰው ገጸ ባሕርይ መላበስ ሳይሆን፣ በዘጋቢ ፊልም ወግ በራሱ ስም ባለታሪክ ሆኖ መቅረብ ነው።

ሙርሲ ከፊልም ጋር የተዋወቀው ከዚያ አስቀድሞ ነው። ከ1969 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በአካባቢው ጥናት ያካሄደው እንግሊዛዊው አንትሮፖሎጂስት ዴቪድ ተርተን፣ ከዳይሬክተሩ ሌስሊ ውድሄድ ጋር ለግራናዳ ቴሌቪዥን «ዘ ሙርሲ»ን በ1974፣ ስለ ጎረቤት ሕዝብ የሚያወሳውን «ዘ ክዌጉ»ን በ1982፣ ድርቅ ገፍቷቸው ወደ ማጎ ሸለቆ ስለፈለሱት ሙርሲዎች የሚተርከውን «ዘ ማይግራንትስ»ን ደግሞ በ1985 ሠርቷል። በ1991 የወጣው «ኒታ» ወጣቶች በአንድነት ወደ ሙሉ ሰውነት የሚሸጋገሩበትን፣ ለሠላሳ ዓመታት ያህል ሳይካሄድ የቆየውን የዕድሜ እርከን ሥርዓት ያሳያል። በመጀመሪያው ፊልም፣ በ«ዘ ሙርሲ»፣ ጎልቶ የሚታየው የሸንጎ ክርክር ነው፦ ሌሎች ወንዶች ጥላ ሥር ተቀምጠው ሲያዳምጡ ተናጋሪው ከፊታቸው እየተመላለሰ ሐሳቡን ያሰማል፤ ንግግሩም በምስሉ ግርጌ በሚጻፍ ትርጉም ስለሚቀርብ ተመልካቹ የሙርሲን አንደበት ሳይቆራረጥ ይሰማል።

ከእነዚህ ሥራዎች በተለየ ጎብኚ የሚያነሳው ፎቶግራፍ በአብዛኛው ንግግር አልባ ነው፤ ከጂንካ ከተማ በመኪና የሚመጣው እንግዳ ለየፎቶው ገንዘብ ይከፍላል፣ ሴቶችም የከንፈር ሸክላቸውን አድርገው፣ አንዳንዴም ለዕለት ኑሯቸው በማያውሉት ጌጥ ተሽሞንሙነው ይቆሙለታል። በተመሳሳይ ዘመን የኦሞና የማጎ ብሔራዊ ፓርኮች የሙርሲን የግጦሽና የእርሻ መሬት የሚነካ ክርክር አስነሥተዋል፤ አፍሪካን ፓርክስ የተባለው ድርጅትም የኦሞን ፓርክ ለማስተዳደር በ2005 እ.ኤ.አ. ተስማምቶ በ2008 ለቅቋል። የኦሊሳራሊ ፊልም ክብደት የሚያገኘው ከዚህ ነው፤ ስለ ጎብኚ፣ ስለ ፓርክና ከጎረቤት ጋር ስላለው ፍጥጫ የሚናገረው መዘዙ በቀጥታ የሚደርስበት ሰው ነውና።

በአፍሪካ ፊልም ታሪክ ተቀራራቢው ምሳሌ በዣን ሩሽ «ሟ፣ ኧን ኗር» (1958 እ.ኤ.አ.) ላይ ከተወነ በኋላ ራሱ ዳይሬክተር የሆነው ኒጀራዊው ኡማሩ ጋንዳ ነው። ጋንዳ በፈጠራ ታሪክ ውስጥ ከመተወን ወደ ማዘጋጀት ሲሻገር፣ ኦሊሳራሊ ሁለቱንም ሚና በአንድ ዘጋቢ ፊልም አጣምሯል። ፊልሙ የጋራ ዝግጅት በመሆኑ ሥልጣኑ ጨርሶ የእሱ ብቻ ነበር ማለት ባይቻልም፣ ካሜራው በማን ፊት እንደሚቆምና ምን እንደሚጠይቅ በመወሰን ረገድ ሙርሲ ከተቀራጭነት ወደ አዘጋጅነት መሸጋገሩን ያመለክታል።