ማይኩ ፊት የቆሙት

ድምፃዊው ማህሙድ አህመድ በጥር 2017 ዓ.ም. ሚሊኒየም አዳራሽ ላይ መድረኩን ሲሰናበት ስለ ክቡር ዘበኛ ባንድ፣ ስለ ነሐስ መሣሪያውና ስለ ሸክላው ብዙ ተወራ። ስለ ማይኩ ግን እምብዛም። ለእኔ ዋናው ነገር እሱ ነው።

ፈረንጆቹ ክሩነር የሚሉት ለስላሳ ዘፋኝ የገነነው እ.ኤ.አ. በ1925 ድምፅን በኤሌክትሪክ መቅዳት ከተጀመረ በኋላ ነው። ከዚያ በፊት ዘፋኝ በድምፅ መቅጃው ቀንድ ውስጥ መጮህ ነበረበት። ጂን ኦስቲንና ቢንግ ክሮዝቢ ማይኩን እንደ ሰው ጆሮ ቆጥረው አንጎራጎሩለት። የቦስተኑ ካርዲናል ኦኮነል እ.ኤ.አ. በ1932 ይህን አዘፋፈን ማውገዛቸው አይገርምም፤ የማይታወቅ ወንድ በየሳሎኑ ገብቶ የሰው ሚስት ጆሮ ሥር ያንሾካሹክ ነበርና። ክሩነሮቹን ሲኒማው ያገነናቸው በሬዲዮ ከታወቁ ወዲያ ነው። በእኛ አገር የሲኒማው ቅርንጫፍ አጭር ነው፤ የመጀመሪያው ረጅም የአማርኛ ፊልም «ሂሩት አባቷ ማነው» በ1957 ዓ.ም. ሲወጣ እነ ድምፃዊ ጥላሁን ገሠሠ ቀድመው ስመ ጥር ሆነዋል።

ዝግ ያለ ድምፅ ራሱ ከባሕር ማዶ አልመጣም። በገና ደርዳሪ አይጮህም። ጋምቤላ ውስጥ አኙዋኮችና ኑዌሮች በአውራ ጣት የሚጫወቱት ቶምም ድምፁ ትንሽ ነው፤ አጠገብ ለተቀመጠ እንጂ ለአደባባይ አይሆንም። አዲስ አበባ ላይ ግን የአርባ ልጆች ማርሽ ባንድ በ1916 ዓ.ም. ከገባ ጀምሮ ዘመናዊው ዘፈን ያደገው በጥሩምባ ሥር ነው። ለስላሳ ጉሮሮ ያን አልፎ እንዲሰማ ማይክ ያስፈልገው ነበር።

ታዲያ ጥላሁን ገሠሠ ክሩነር ነበር? ብዙዎች አዎ ይላሉ፤ እኔ አልስማማም። ጥላሁን ጥሩምባውን በገዛ ጉሮሮው ያሸነፈ ሰው ነው፣ ማይኩ ለእሱ ትርፍ ነበር። ጌታቸው ካሣ ትዝታን በቀስታም በፈጣንም ተጫውቶታል፤ የቀስታው ወደ ክሩነርነት ይቀርባል። ማህሙድም፣ በአሪዞና ክለብ ተላላኪነት ጀምሮ ወደ ክቡር ዘበኛ የገባው፣ ግማሹን መንገድ ሄዷል።

ሙሉውን የሄደው ተሾመ ምትኩ ነው። የሙዚቃ አሳታሚው አምሃ እሸቴ የሀገር ፍቅር ማኅበርን የሸክላ ሞኖፖል ጥሶ በ1961 ዓ.ም. ማሳተም ከጀመረ ብዙም ሳይቆይ፣ ተሾመ ከሶል ኤኮስ ባንድ ጋር «ጋራ ሥር ነው ቤትሽ»ን ጨምሮ አራት ዘፈን ቀዳ። ድምፁን አንድም ቦታ አይገፋም፤ ባንዱ ነው ለእሱ ዝቅ የሚለው። ከዚያ ወደ አውሮፓ ተሰደደ፤ ዘፈኖቹ ከሠላሳ ዓመት ገደማ በኋላ በኢትዮፒክስ ተከታታይ የመጀመሪያ ሲዲ ላይ ወጡ። ስለ ለስላሳው አዘፋፈን ሲወራ ሰው ማህሙድን ያስቀድማል። እኔ ተሾመን።