ቴምፑራ፤ የጃፓኖች የዓሣና የአትክልት ጥብስ በቤት ውስጥ እንዴት እንደሚሰናዳ



ለእንግዳ የሚቀርብ አዲስ ምግብ ለማሰናዳት የሚመኙ ሰዎች ጥቂቶች አይደሉም፤ ነገር ግን የውጭ አገር ምግብ ሁሉ ብዙ ወጪና ብዙ ዕቃ የሚጠይቅ እየመሰላቸው ሳይጀምሩት ይተዉታል። ዛሬ የምንነግራችሁ ቴምፑራ የተባለው የጃፓኖች ጥብስ ግን የፉርኖ ዱቄት፥ ዕንቁላል፥ በረዶ የመሰለ ውኃና ዘይት ካለ የሚሰናዳ ነው። ከገንዘብ ይልቅ ጥንቃቄን ይጠይቃል። የጋለ ዘይት ቤትንም ሰውንም ሊያቃጥል የሚችል ነገር ነውና፥ ስለ እሳት የምንናገረውን ክፍል ሳታነቡ ምድጃ እንዳትለኩሱ አደራ እንላለን።

ቴምፑራ የጃፓን ምግብ ይባል እንጂ ሥሩ ከፖርቱጋል የመጣ ነው። በክሪስቶቮ ዳ ጋማ የሚመሩት የፖርቱጋል ወታደሮች እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1541 ዓ.ም. ወደ አገራችን በምጽዋ ከገቡ ሁለት ዓመት በኋላ፥ ማለት በ1543፥ ሌሎች ፖርቱጋሎች ጃፓን ደረሱ። ነጋዴዎቹንም ካህናት ተከተሏቸው። እነዚህ ካህናት በዓመት አራት ጊዜ ከሥጋ የሚጾሙባቸው ቀኖች ነበሯቸውና፥ በእነዚያ ቀኖች ዓሣና አትክልት በሊጥ ነክረው እየጠበሱ ይበሉ ነበር። የጾሙም ስም በላቲን «ቴምፖራ» ስለሆነ የምግቡ ስም ከዚያ የወጣ ነው ይላሉ። ቅመም መጨመር ከሚለው የፖርቱጋል ቃል ያወጡትም አሉ። ፖርቱጋሎች በ1639 ወደ ጃፓን እንዳይመጡ ቢከለከሉም ጥብሱ እዚያው ቀረ። ዛሬ ቶኪዮ በምትባለው በኤዶ ከተማ ዓሣው በቀጭን እንጨት ተሰክቶ በመንገድ ዳር ይሸጥ ነበር። ቤቶቹ ከእንጨትና ከወረቀት የተሠሩ ስለነበሩ በውስጣቸው ዘይት ማጋል እጅግ ያስፈራ ነበር፤ በ1657 የተነሣው ቃጠሎ የከተማይቱን ታላቅ ክፍል አውድሟልና ፍርሃቱ ያለ ምክንያት አልነበረም።

አሁን ወደ ሊጡ እንመለስ፤ የሙያው ምሥጢር ሁሉ ያለው እዚህ ነው። የስንዴ ዱቄት ውኃ ሲነካውና ሲታሽ ግሉተን የተባለ የሚለጠጥ ነገር ይፈጥራል። ዳቦ ጋጋሪ ሊጡን ደጋግሞ የሚያሸው ይህ ኃይል እንዲበረታ ሲሆን፥ ቴምፑራ የሚጠብስ ሰው ግን በተቻለው መጠን እንዳይፈጠር ይከላከላል። ስለዚህ ውኃው በጣም የቀዘቀዘ ይሁን፤ ቅዝቃዜ የግሉተንን መፈጠር ያዘገያልና። አንድ ዕንቁላል በሳህን ውስጥ መትታችሁ ከቀዝቃዛው ውኃ ጋር 200 ሚሊ ሊትር እስኪሆን ቀላቅሉት። በላዩ 120 ግራም በወንፊት የተነፋ ዱቄት ጨምሩና በሹካ ዐሥር ጊዜ ያህል ብቻ አማስሉት። ዱቄቱ እዚህም እዚያም ቢጓጉል አትዘኑ፤ ባለሙያ የሆኑ እመቤቶቻችን ጓጓላ ሊጥ ሲያዩ እጃቸው ለማሸት እንደሚቸኩል እናውቃለን፥ ግን ይታገሡ። በሚገባ የላመ ሊጥ እንደ ጎማ የሚያኝክ ጥብስ ይሰጣል። ሊጡ የሚዘጋጀው ዘይቱ ከጋለ በኋላ ነው፤ ለብዙ ሰው ሲሆንም አንድ ጊዜ አብዝቶ ከማዘጋጀት ደጋግሞ ማበጀት ይሻላል።

ከባሕር የሚገኘው ዋናው ሽሪምፕ ነው። ቅርፊቱን ልጣችሁ ጅራቱን ተዉለት፤ በጀርባው ያለውን ጥቁር ሥር አውጡ። በሆዱ በኩል ሦስት አራት ቦታ በስሱ ብትበጡት ሲጠበስ አይጠቀለልም። የጅራቱን ጫፍ ቆርጣችሁ በውስጡ የተጠራቀመውን ውኃ ጭመቁት፤ ይህች ውኃ ናት ዘይቱን የምታፈናጥቀው። ሽሪምፕ ካልተገኘ የሐይቅ ቆሮሶ አጥንቱ ወጥቶ ጣት በሚያህል ቁራጭ ቢሆን መልካም ነው። ከአትክልት ስኳር ድንች፥ ዱባ፥ ካሮት፥ ፎሶሊያ፥ ደበርጃን፥ እንጉዳይ ይሆናሉ። ጠንካሮቹ ግማሽ ሳንቲ ሜትር በሚሆን ውፍረት ይቆረጡ። ሁሉም በንጹሕ ጨርቅ ይደርቅ፤ ከዚያ ደረቅ ዱቄት በስሱ ይነስነስበትና ወደ ሊጡ ይገባል።

ዘይቱ ጣዕሙ የማይጎላ ይሁን፤ የኑግ ዘይት የዓሣውን ጣዕም ይሸፍናል ብለን እናምናለን። ኤዶዎች የሰሊጥ ዘይት ይወዱ ነበርና ጥቂት ቢቀላቀልበት ያምርበታል። የሙቀቱ ልክ ለአትክልት 170፥ ለዓሣ 180 ዲግሪ ነው። መለኪያ ለሌለው ሰው የሊጥ ጠብታ ይበቃዋል፤ ጠብታው እስከ ታች ሰምጦ ዘግይቶ ቢነሣ ገና ነው፥ እስከ መካከል ሰምጦ ቢመለስ ደርሷል፥ ከላይ ብቻ ቢበተን ከልክ አልፏል። አዲስ አበባ ላሉ ሰዎች አንድ ማሳሰቢያ አለን። ከተማችን ከባሕር ወለል 2,300 ሜትር ያህል ከፍ ስለምትል ውኃ የሚፈላው በ92 ዲግሪ ገደማ ነው። ስለዚህ በጥብሱ ውስጥ ያለው ውኃ ቶሎ ተንኖ ውስጡ ሳይበስል ላዩ ይጠቁራል፤ ከተባለው ልክ ዐሥር ዲግሪ ያህል ቀንሶ ትንሽ ማቆየት ያስፈልጋል። በአንድ ጊዜ ከሦስት አራት ቁራጭ በላይ አትክተቱ፤ ዘይቱ ይበርዳልና። ሽሪምፕ ሁለት ደቂቃ፥ ስኳር ድንች ሦስት ወይም አራት ደቂቃ ይበቃዋል። ጆሯችሁንም አብሩ፤ አረፋው ሲያንስና ድምፁ ሲቀጥን ውኃው አልቋል ማለት ነው።

ዘይቱ ከድስቱ ግማሽ አይለፍ፤ ሕፃናት ከማድ ቤት ይውጡ፤ ምድጃውንም ለአፍታ ትታችሁ አትሂዱ። ዘይቱ ቢጨስ ወዲያው እሳቱን አጥፉ። ነበልባል ከያዘው ደግሞ እሳቱን አጥፍታችሁ በብረት ክዳን ክደኑት፤ ድስቱንም ከቦታው አታንሡ። ውኃ ግን ፈጽሞ አታፍስሱ። ውኃ ከዘይት ስለሚከብድ ወደ ታች ሰምጦ በቅጽበት እንፋሎት ይሆናል፤ እንፋሎቱም ከውኃው ከሺህ ዕጥፍ በላይ እየሰፋ የሚነደውን ዘይት እስከ ጣራ ይረጨዋል። ሰው ቢቃጠል 20 ደቂቃ በሚወርድ ቀዝቃዛ ውኃ ይያዝ እንጂ ቅቤም ሆነ የጥርስ ሳሙና አይቀባ።

ጥብሱ ከወጣ በኋላ በወንፊት ላይ ይንጠፍጠፍና ወዲያው ይበላ፤ ሩብ ሰዓት የቆየ ቴምፑራ እንደ ትናንት ሳምቡሳ ይለሰልሳል። ጃፓኖች የሚያጠቅሱት ከባሕር ቅጠልና ከደረቅ ዓሣ በተቀቀለ መረቅ ነው፤ ለአራት እጅ መረቅ አንድ እጅ ሶያ ሶስና አንድ እጅ ጣፋጭ የሩዝ ወይን ይጨመርበታል። ይህ ለማይገኝለት ሰው ጨውና ሎሚ ይበቃዋል። የተረፈው ዘይት ሲበርድ ተጠልሎ በጨለማ ቦታ ይቀመጣል፤ ከጠቆረ ወይም አረፋው አልጠፋ ካለ ይጣል፥ በመታጠቢያው ቧንቧ ግን አይፍሰስ።