ዋልያዎችና ቃል የለሹ ሸክላ

«ቼ በለው» ከታተመ ብዙ ዘመን አልፎታል፤ ታዲያ ለምን አላረጀም?

ዘፈን እንደ እንጀራ ነው የሚሉ ሰዎች አሉ። ትኩሱን ሁሉም ይሻማበታል፤ ያደረውን ግን የሚጠይቀው አይገኝም። አብዛኛው ዘፈን በእርግጥም እንዲሁ ነው። ዛሬ በየአውቶቡሱና በየሻይ ቤቱ የምንሰማው ዜማ በሚመጣው ዓመት ከነስሙ ይረሳል። ነገር ግን አልፎ አልፎ እንደ ጠጅ የሆነ ሙዚቃ ይገኛል፤ ባደረ ቁጥር ይበስላል። ውድ አንባቢ፣ ዛሬ የምናጫውትዎ ስለ አንዱ እንዲህ ያለ ሥራ ነው። ይኸውም የዋልያስ ባንድ «ቼ በለው» ነው። (በዚህ ጽሑፍ ውስጥ የሚያገኟቸው ዓመቶች ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር የተጻፉ ናቸው።)

ዋልያዎቹ እነማን ነበሩ?

በዚያን ዘመን ሙዚቀኛ መሆን ማለት አብዛኛውን ጊዜ የአንድ ትልቅ ቤት ሠራተኛ መሆን ማለት ነበር። የክብር ዘበኛ፣ የጦር ሠራዊትና የፖሊስ ኦርኬስትራዎች ነበሩ፤ የሀገር ፍቅርና የሌሎች ቴአትር ቤቶች ባንዶችም ነበሩ። ሙዚቀኛው ደመወዝ ይቀበላል፤ የሚነፋው ሳክስፎን ግን የመሥሪያ ቤቱ ንብረት ነው። በየምሽት ክበቡ የሚጫወቱትም ቢሆኑ በባለቤቱ ፈቃድ የሚያድሩ ነበሩ።

በ1970ዎቹ መጀመሪያ ላይ በአዲስ አበባ በቬነስ ክበብ ይጫወቱ የነበሩ ወጣቶች ተሰባስበው በራሳቸው ለመቆም ወሰኑ። ስማቸውንም በሰሜን ተራሮች ገደል ላይ ከሚዘልለው፣ ከኢትዮጵያ በቀር በሌላ አገር ከማይገኘው እንስሳ ወሰዱ፤ ዋልያስ ተባሉ። ከዚያም በ1969 በተከፈተው በአዲስ አበባ ሂልተን ሆቴል ለብዙ ዓመታት ሌሊት ሌሊት ተጫወቱ።

ኦርጋኑን የሚጫወቱት አቶ ኃይሉ መርጊያ ነበሩ። በደብረ ብርሃን በ1946 ተወልደው በልጅነታቸው ወደ አዲስ አበባ የመጡ፣ ገና በአፍላነታቸው በጦር ሠራዊት የሙዚቃ ክፍል የተማሩና በአኮርዲዮን የጀመሩ ሰው ናቸው። ግርማ በየነ በፒያኖ፣ ሞገስ ሀብቴ በሳክስፎን፣ ዮሐንስ ተኮላ በትራምፔት፣ መላከ ገብሬ በቤዝ ጊታር፣ ማህሙድ አማን በጊታር፣ ተማረ ሐረጉ በድራም አብረዋቸው ነበሩ። ለ«ቼ በለው» ደግሞ ሙላቱ አስታጥቄ ቪብራፎናቸውን ይዘው ተጨመሩ።

ሌሊቱን ሙሉ የተጫወቱ እጆች

በ1974 ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋናቸው ወርደው ደርግ ሥልጣን ያዘ። የሰዓት እላፊም ታወጀ። እላፊው ከደረሰ በኋላ ወደ ቤቱ መሄድ የማይችለው ጨፋሪ በሆቴሉ ውስጥ ነግቶ ይለቀቃል፤ ሙዚቀኛውም አብሮት ያነጋል። ዘፋኝ ደክሞት ሲቀመጥ መሣሪያው ብቻውን መናገር አለበት። እስቲ ያስቡት፤ አንድ ባንድ ለዓመታት በየሌሊቱ እንዲህ ሲጫወት አንዱ የሌላውን ትንፋሽ ሳያየው ያውቀዋል። ይህ በልምምድ አዳራሽ የሚገኝ ትምህርት አይደለም።

የዘፈን ግጥም በሳንሱር ፊት መቅረብ በነበረበት በዚያ ዘመን ቃል የሌለው ዜማ የሚመረመርበት መስመር አልነበረውም። አድማጩ በልቡ የፈለገውን ቃል ያስገባበታል፤ የሚጠይቀውም የለም።

ዋልያዎቹ በ1975 «ትዝታ» የተባለውን ካሴት አውጥተው ነበር። በ1977 ደግሞ በካይፋ ሪከርድስ አሳታሚነት «ቼ በለው» በረጅም ሸክላ ወጣ። የካይፋ ባለቤት አቶ ዓሊ አብደላ ካይፋ ነበሩ፤ በ1969 የግል የሸክላ ሥራን በድፍረት የጀመሩት አቶ አምሐ እሸቴ አገር ከለቀቁ በኋላ ገበያውን ያንቀሳቅሱ የነበሩት እርሳቸው ናቸው። ከ1969 እስከ 1978 ባለው ጊዜ ውስጥ በአገራችን የታተሙት ረጃጅም ሸክላዎች ሠላሳ ያህል ብቻ ናቸው። ከእነዚያም መካከል ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ያለ ድምፃዊ የተሠራ እጅግ ጥቂት ነው።

ያላረጀበት ምክንያት

አንደኛው ምክንያት የዜማው መታወቅ ነው። «ቼ በለው» የሚለው ስም ራሱ ፈረስ ለሚጋልብ ሰው እንግዳ አይደለም። «ሎሚ ተራ ተራ»ን የማያውቅ ኢትዮጵያዊ ልጅም ጥቂት ነው። ዋልያዎቹ የወሰዱት ሕዝቡ በአፉ የያዘውን ዜማ ነው፤ ነገር ግን አፉን ዘግተው በእጅ ዘፈኑት። አድማጩ ዜማውን ያውቀዋል፣ ቃሉን ግን አይሰማም። ስለዚህ ከመስማት አልፎ ራሱ የዘፈኑ ተካፋይ ይሆናል።

ሁለተኛው የቅኝቱ ነገር ነው። ትዝታ፣ ባቲ፣ አምባሰልና አንቺ ሆዬ ለየ በአምስት ድምፅ የሚሄዱ ቅኝቶች ናቸው። ኦርጋንና ሳክስፎን ከውጭ የመጡ መሣሪያዎች ቢሆኑም በዚህ ሸክላ ውስጥ የሚናገሩት እንደ ማሲንቆና እንደ ዋሽንት ነው። አቶ ኃይሉ ኦርጋኑን አያጣድፉትም፤ ዘፋኝ ድምፁን እንደሚያንቀጠቅጠው አንዱን ድምፅ ይይዙና ያንከባልሉታል። ልብሱ አዲስ ነው፤ ሰውየው ግን የቤት ሰው ነው።

ሦስተኛው ቁጥብነት ነው። «ሙዚቃዊ ስልት» የተባለውን ያዳምጡ። ቤዝ ጊታሩ አጭር ሐረግ ይዞ ይዞራል፤ ነፋሾቹ አንድ ነገር ተናግረው ዝም ይላሉ፤ ኦርጋኑ መልስ ይሰጣል። ሁሉም በአንድ ጊዜ አይጮኽም። ጨዋታ የሚያምረው አንዱ ሲናገር ሌላው ሲያዳምጥ ነው፤ የእነዚህም ጨዋታ እንዲሁ ነው። ይኸው ሥራ ድንበር ተሻግሮ በ1998 በኒው ዮርክ ብሩክሊን የሚገኙ «ዳክታሪስ» የተባሉ ሙዚቀኞች በራሳቸው ሸክላ ላይ ተጫውተውታል። የሚያስገርመው እነዚያ ሙዚቀኞች ሸክላቸውን በናይጄሪያ የተቀዳ አስመስለው ማቅረባቸው ነው! የአዲስ አበባ ዜማ በአሜሪካ ተጫውቶ የሌጎስ ልብስ ለበሰ ማለት ነው።

የተበተነው መንጋ

በ1981 ዋልያዎቹ ከማህሙድ አህመድና ከጌታቸው ካሣ ጋር ወደ አሜሪካ ተጓዙ። ወደዚያ አገር ሄዶ በየከተማው የተጫወተ የመጀመሪያው ዘመናዊ የኢትዮጵያ ባንድ እነርሱ እንደሆኑ ይነገራል። አድማጮቻቸው በአብዛኛው በስደት ያሉ ወገኖቻቸው ነበሩ። ጉዞው ሲያበቃ ኃይሉ፣ ግርማ፣ ሞገስና መላከ እዚያው ቀሩና ዙላ ባንድን አቋቋሙ፤ ዮሐንስና ተማረ ወደ አገራቸው ተመለሱ። ዋልያስም በዚያው ተበተነ።

አቶ ኃይሉ በ1985 በዋሽንግተን አኮርዲዮናቸውን ከኤሌክትሪክ መሣሪያዎች ጋር አዋሕደው «ሸሞንሟናዬ» የተባለውን ካሴት ብቻቸውን ቀዱ። ከጊዜ በኋላ ግን መድረኩን ትተው የታክሲ መሪ ጨበጡ። በደለስ አውሮፕላን ማረፊያ ተራ እስኪደርሳቸው ድረስ ትንሿን ኪቦርድ ከመኪናው ኮፈን አውጥተው የኋላ መቀመጫ ላይ ይለማመዱ ነበር። ከኋላ የሚጫኑት መንገደኞች ማን እየነዳቸው እንደሆነ የሚያውቁ አልነበሩም።

ታሪኩ እዚህ ላይ ሊያበቃ ይችል ነበር። ነገር ግን ብራያን ሺምኮቪትስ የተባለ አሜሪካዊ፣ የአፍሪካ ካሴቶችን የሚሰበስብ ሰው፣ በባሕር ዳር ከተማ ከአንድ ሙዚቃ ቤት «ሸሞንሟናዬ»ን አገኘ። ባለቤቱንም አፈላልጎ አገኛቸው፤ ካሴቱም በ2013 እንደገና ታተመ። በማግሥቱ ዓመት በ2014 «ቼ በለው» ተከተለ። የታክሲ ነጂው አርቲስት በአውሮፓና በአሜሪካ መድረኮች ላይ ወጡ፤ በ2018ም «ላላ በሉ» የተባለ አዲስ ሥራ አበረከቱ። ግርማ በየነም ከረጅም ዝምታ በኋላ አካሌ ውቤ ከተባለው የፈረንሳይ ባንድ ጋር ሆነው በ2017 አዲስ አልበም አወጡ።

የመጀመሪያ ሥራ ዕጣው በወጣበት ወር እንደማይወሰን የሚያሳይ ምሳሌ በሌላም አገር አለ። «ክራንቤሪስ» የተባለው የአየርላንድ ባንድ፣ ከሊመሪክ ከተማ የወጣው፣ የመጀመሪያ አልበሙን በ1993 ሲያወጣ በአካባቢው ብዙ ጆሮ አላገኘም። በአሜሪካ ከተወደደ በኋላ ግን በ1994 በብሪታንያ የሽያጭ ዝርዝር አንደኛ ሆነ፤ ዛሬም ይደመጣል። እነርሱ አንድ ዓመት ያህል ጠበቁ። «ቼ በለው» ግን እንደገና እስኪታተም 37 ዓመት ጠበቀ። ልዩነቱ የጥበብ ሳይሆን የጠባቂ ነው።

እንዴት ያዳምጡታል?

ሥራውን የማያውቁ ከሆነ ሦስት ጊዜ እንዲያዳምጡት እንመክርዎታለን። በመጀመሪያው ቤዝ ጊታሩን ብቻ ይከተሉ፤ ቤቱ የቆመበት ምሰሶ እርሱ ነው። በሁለተኛው ኦርጋኑን ይስሙ፤ ዘፋኙ እርሱ ነው። በሦስተኛው የነፋሾቹን ዝምታ ይስሙ። በእርግጥ ዝምታ ይሰማልን? በዚህ ሸክላ ይሰማል። ጥያቄው ከመጣ በኋላ መልሱ እስኪመጣ ያለው ክፍተት ራሱ ዜማ ነው።

ቃል የሌለው ዜማ ሌላም በረከት አለው። በሀቢቾ ሀዲይሳ የሚናገር ገበሬ፣ በዱራሜ ከምባትኛ የሚናገር ተማሪና በጎንደር አማርኛ የሚናገር ነጋዴ እኩል ይሰሙታል። አስተርጓሚ የሚፈልግ፣ በሌላው ቋንቋ ባይተዋር የሚሆን አይኖርም።

በሣጥንዎ ውስጥ ምን አለ?

አሁን ወደ እርስዎ እንምጣ። ያ የባሕር ዳሩ ካሴት ተጥሎ ቢሆን ኖሮ ይህ ሁሉ ታሪክ ባልተጻፈ ነበር። በሆሳዕና፣ በዱራሜና በሌሎቹም ከተሞች፣ በየገጠሩም ቤት፣ አባትና እናት የሰበሰቧቸው ካሴቶች በሣጥንና በአልጋ ሥር ተቀምጠዋል። የአገር ቤት ሠርግ፣ የሽማግሌ ዜማ፣ ሌላ ቦታ የማይገኝ የሀዲያ ወይም የከምባታ ዘፈን በአንዱ ክር ላይ ይኖር ይሆናል። ክር ግን ዕድሜ አለው፤ ሙቀትና እርጥበት ይበላዋል፣ አቧራ ይፍቀዋል፣ ማግኔት ደግሞ ያጠፋዋል።

ስለዚህ ካሴቱን ከነቤቱ አቁመው፣ ከፀሐይ፣ ከምድጃና ከድምፅ ማጉያ አርቀው ያስቀምጡት። በላይኛው ጠርዝ ያሉትን ሁለት ትንንሽ የፕላስቲክ ጥርሶች ቢሰብሯቸው ማንም ሳያውቅ በላዩ ሊቀዳበት አይችልም። ለረጅም ጊዜ ያልተነካ ክር ከሆነ ከማጫወትዎ በፊት ከዳር እስከ ዳር አንድ ጊዜ ይጠምጥሙት፤ የቴፑንም ራስ ያጽዱ። ከሁሉም በላይ መጀመሪያ ሲያጫውቱት ያን ጊዜውኑ ወደ ስልክ ወይም ወደ ኮምፒዩተር ይቅዱት፤ ያረጀ ክር ሁለተኛ ዕድል ላይሰጥ ይችላልና። በቅጂውም ላይ የዘፋኙን ስም፣ ቦታውንና ዓመቱን ይጻፉ። ስም የሌለው ድምፅ ወላጅ እንደሌለው ልጅ ነው።

የዋልያዎቹን ሥራ ፈላጊ ፈረንጅ ደርሶለታል። የጎረቤትዎን ሠርግ ዘፈን ፈልጎ የሚመጣ እንግዳ ግን ላይኖር ይችላል። እርሱን የሚያድነው ያን ሣጥን የሚከፍት የቤት ሰው ብቻ ነው።