ከንጉሡ ኋላ የቆሙት

በ1888 ዓ.ም. የሉሚየር ወንድማማቾች ፓሪስ ላይ ለሕዝብ ካሳዩአቸው አጫጭር ፊልሞች አንዱ ሕፃን ልጅ ሲመገብ ያሳያል። ርዝመቱ አንድ ደቂቃ አይሞላም። ተመልካቹን ከሕፃኑ ይልቅ የገረመው ከኋላ በነፋስ የሚወዛወዘው ቅጠል ነበር ይባላል።

ወደ እኛ የመጣው ካሜራ ግን ንጉሥ ፍለጋ ነው የመጣው። በ1923 የዐፄ ኃይለ ሥላሴን ንግሥ ቀረጸ። በ1928 የጣሊያኑ የፊልም ተቋም ሉቼ ከወራሪው ጦር ጋር ገብቶ ለፋሽስት የሚበጀውን አነሣ። ጎጃም ላይም ካሜራው ወራሪውን ሊያስወጣ የመጣውን ጦር ዱካ ተከተለ። ንጉሠ ነገሥቱ መጋቢት 28 ቀን 1933 ዓ.ም. ደብረ ማርቆስ ገቡ፤ በዚያው ሰሞን ደምበጫ ምሽግ ከእንግሊዝ መኮንኖቹ ከብርጋዴር ሳንድፎርድና ከኮሎኔል ዊንጌት ጋር የተነሡት ፎቶግራፍ ለንደን የጦርነት ሙዚየም ውስጥ ተቀምጧል። የሦስቱም ስም ተጽፏል።

የዚያን ዘመን ምስል ባየሁ ቁጥር ዓይኔ ወደ ኋላ ይሄዳል። በቅሎ የሚስበው ልጅ የማን ነው? ቁምጣ የለበሰው ገበሬ፣ ደበሎ ለብሶ አኩፋዳ ያንጠለጠለው የቆሎ ተማሪ፣ ዐውድማ ላይ ጤፍ የሚያበራየው ጎረምሳ፦ እነዚህን ብሎ የመጣ ካሜራ አላየሁም።

በኋላ ግን የራሳችን ሰው ካሜራ ያዘ። ደብረ ማርቆስ፣ ዘመድ ቤት፣ በ1980ዎቹ የተቀረጸ የሠርግ ካሴት አየሁ። ቀራጩ ሙሽሮቹ ላይ አተኩሯል። ቤቱ ግን በአንድ ድምፅ «ውይ፣ እታለም እኮ ናት!» ብሎ ጮኸ። ከዳሱ ጥግ ጠላ ስትቀዳ ታየች፤ ቀና አለች፣ ወገቧን ያዘች፣ ሳቀች። ሌላ አንድም ፎቶ የላትም። የቤቱ ባለቤት በነጠላዋ እንባዋን ጠርጋ «መልሰው» አለች፤ ሦስት ጊዜ አስመለሰችው።

የሉቼ ፊልሞች በ2005 ዓ.ም. በዩኔስኮ የዓለም ትውስታ መዝገብ ሰፍረዋል። የእታለም ካሴት ካርቶን ውስጥ አልጋ ሥር ነው። የደጋው እርጥበት ክሩን ያሻግተዋል፤ ሳይነካ ቢቀመጥም እንኳ ዓመት በጨመረ ቁጥር ምስሉ ይደክማል፤ ማጫወቻውም፣ ጠጋኙም እየጠፋ ነው። ወራሪው የቀረጸው ተጠብቆ እኛ የቀረጽነው መሻገቱ ያሳፍራል።

የደብረ ማርቆስ ዩኒቨርሲቲ እንዲህ ያሉ ካሴቶችን የማሰባሰቡንና የመገልበጡን ሥራ ቢይዘው የአገር ውለታ ነው። እስከዚያው ካሴት ያላችሁ ሁሉ ዛሬውኑ አስገልብጡት። ሲገለበጥም አረጋውያኑን ከፊት አስቀምጡና ከኋላ የቆመውን ሁሉ ስም እየጠየቃችሁ ጻፉ።